ባርተለሚ ቦጋንዳ፦ ከጎማ ጫካ እስከ ድምፅ መስጫ ሳጥን

በመካከለኛው አፍሪካ ሪፐብሊክ ማርች 29 ቀን በየዓመቱ የሚከበር ብሔራዊ የመታሰቢያ በዓል ነው። በዕለቱ የሚታሰበው ንጉሥ ወይም የጦር አዝማች አይደለም። በገጠር መንደር የተወለደ፣ በሕፃንነቱ ያለ ወላጅ የቀረ፣ ካህን ሆኖ ያገለገለ፣ ከዚያም ለሀገሩ ስምን፣ ሰንደቅ ዓላማንና መዝሙርን ትቶ ነጻነቷን ሳያይ ያለፈ ሰው ነው። ስሙ ባርተለሚ ቦጋንዳ ይባላል።

ይህ ሰው ካረፈ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላ ሀገሩ በእርስ በርስ ጦርነት ነደደች። እሳቱ ጋብ ሲል የሽግግር መንግሥት ቆመ፤ አዲስ ሕገ መንግሥት ተረቀቀ፤ ሕዝቡም ለምርጫ ተሰለፈ። ያን ጊዜ አርቃቂዎቹ በሕገ መንግሥቱ መግቢያ ላይ ያሰፈሩት የቦጋንዳን ስምና አስተምህሮ ነበር። በጦር የተለያየ ሕዝብ እንደገና ለመተማመን ወደ አንድ የገጠር ልጅ አሳብ ለምን ተመለሰ? መልሱ ያለው በሰውየው የሕይወት ታሪክ ውስጥ ነው። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሀገሪቱ የምትገኘው በአፍሪካ እምብርት ነው። ከእኛ ዘንድ ወደ ምዕራብ ሲኬድ ደቡብ ሱዳን ካበቃችበት ትጀምራለች፤ በሰሜን ቻድ፣ በምዕራብ ካሜሩን፣ በደቡብ ሁለቱ ኮንጎዎች ያዋስኗታል። የባሕር በር የላትም። በፈረንሳይ ቅኝ ግዛት ዘመን ስሟ ኡባንጊ ሻሪ ነበር፤ ስያሜው ከሁለት ወንዞቿ የተወሰደ ነው። ፈረንሳይ ይህን ሰፊ ግዛት በራሷ ገንዘብ ለማልማት አልፈለገችም። እ.ኤ.አ. በ1899 የአካባቢውን መሬትና ጫካ ቆራርሳ ለግል ኩባንያዎች በውል ሰጠች። ኩባንያዎቹ በመሬቱ ላይ የበቀለውን ሁሉ የራሳቸው አደረጉ፤ በመሬቱ ላይ የሚኖረውንም ሰው እንደ ራሳቸው ንብረት ቆጠሩት።

ኩባንያዎቹ አብዝተው የሚፈልጉት ጎማ ነበር። ጎማው የሚገኘው በጫካ ውስጥ ከሚገኙ ሐረጎችና ዛፎች ከሚፈስ ነጭ ወተት ነው። ወንዶች ለሳምንታት ጫካ ገብተው ወተቱን ይለቅማሉ፤ ያረጉታል፤ ተሸክመው ወደ ሚዛን ያመጣሉ። ሚዛኑ የኩባንያው ነው፤ ዋጋውን የሚቆርጠውም ኩባንያው ነው። የታዘዘውን ያህል ያላመጣ ይገረፋል። ወንዶቹ እስኪመለሱ ድረስ ሚስቶቻቸውና ልጆቻቸው በመያዣነት የሚታጎሩባቸው ጊዜያትም ነበሩ። በእርሻ ወቅት ገበሬው ጫካ ውስጥ ስለሚውል ማሳው ጦሙን ያድራል፤ ማሳው ጦሙን ሲያድር ቤቱም ይራባል። ፈረንሳዊው ደራሲ አንድሬ ዢድ በ1925 አካባቢውን ጎብኝቶ ያየውን ግፍ በ1927 በመጽሐፍ ሲያወጣ በፓሪስ ታላቅ ክርክር ተነሥቶ ነበር።

ባርተለሚ ቦጋንዳ የተወለደው በዚህ ሥርዓት መካከል፣ ኤፕሪል 4 ቀን 1910 ነው። መንደሩ ቦባንጊ ትባላለች፤ ከዋና ከተማዋ ከባንጊ በስተደቡብ ምዕራብ 80 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ ሎባዬ በተባለው የደን ምድር ትገኛለች። ሕዝቡ ንግባካ ይባላል። አባቱን ገና በሕፃንነቱ አጣ። እናቱን በተመለከተ የሕይወት ታሪኩን የጻፉ ሰዎች የሚገልጹት ነገር ልብ ይሰብራል፤ የሚበቃ ጎማ አልሰበሰብሽም ተብላ በኩባንያው ዘበኞች ተደብድባ ሞተች። ልጁ የሰው ልጅ ዋጋ በኪሎ ሲመዘን ምን እንደሚመስል በገዛ ቤቱ አየ።

ያለ አሳዳጊ የቀረውን ልጅ ሚሲዮናውያን ተቀበሉት። በሚሲዮን ትምህርት ቤት ፊደል ቆጠረ፤ በ1922 ተጠምቆ ባርተለሚ ተባለ። ትምህርት የሚገባው ልጅ ነበርና መምህራኑ ወደ ክህነት መሩት። ከባንጊ ወደ ብራዛቪል፣ በቤልጅየም ኮንጎ ወደምትገኘው ኪሳንቱ፣ በመጨረሻም በካሜሩን ወደ ያውንዴ ተጉዞ የዘርዐ ክህነት ትምህርቱን ፈጸመ። ማርች 17 ቀን 1938 ሲካኑ ከኡባንጊ ሻሪ ተወላጆች መካከል የመጀመሪያው የካቶሊክ ካህን ሆኑ።

በእነዚያ የትምህርት ዓመታት ሀገሬው ዝም ብሎ አልተቀመጠም ነበር። በ1928 በምዕራቡ ክፍል ካርኑ የተባለ መሪ የተከተሉ ገበሬዎች የጎማውን ግዴታና ለባቡር ሐዲድ ሥራ የሚደረገውን አፈሳ በመቃወም ተነሡ። ዐመፁ በሀገሬው ቋንቋ የተጠራበት ስም ኮንጎ ዋራ ነው፤ ትርጉሙም የዶማ እጀታ ማለት ነው። ካርኑ በዚያው ዓመት ተገደለ፤ ዐመፁ ግን እስከ 1931 ድረስ ሙሉ በሙሉ አልጠፋም። በዶማ እጀታ ጠመንጃን መመለስ እንዳልተቻለ የዚያ ትውልድ ልጆች ሁሉ አዩ። ቦጋንዳ ከሃያ ዓመት በኋላ የያዙት መንገድ ሌላ ነበር።

ካህኑ ቦጋንዳ ግሪማሪን በመሳሰሉ የገጠር ሚሲዮኖች አገለገሉ። በዚያን ጊዜ የጎማውን ቦታ ጥጥ ወርሶ ነበር። ቅኝ ገዥው እያንዳንዱ ገበሬ የተወሰነ መሬት ጥጥ እንዲዘራ ያስገድዳል፤ ምርቱን የሚገዛው በአካባቢው ብቻውን እንዲገዛ የተፈቀደለት ኩባንያ ነው። ጥጥ በማሳ ላይ ብዙ ጉልበት የሚበላ ሰብል ነው፤ አረሙ በወቅቱ ካልተነቀለ፣ ለቀማው በወቅቱ ካልደረሰ ምርቱ ይበላሻል። ገበሬው ይህን ሁሉ የሚያደርገው ለምግብ እህሉ ሊያውለው በሚገባው ጊዜና ጉልበት ነው። ጥጥ ደግሞ አይበላም። ካህኑ በየመንደሩ ሲዘዋወሩ የሚያገኙት ምእመን በግርፋት ፍርሃት የሚዘራ፣ ዋጋውን ሳይጠይቅ የሚሸጥ ሰው ነበር።

ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲያበቃ ፈረንሳይ ለቅኝ ግዛቶቿ ጥቂት በር ከፈተች። በኤፕሪል 1946 የግዳጅ ሥራን የሚሽር ሕግ ወጣ። አፍሪካውያንም በፓሪሱ ብሔራዊ ምክር ቤት ወኪል እንዲኖራቸው ተፈቀደ፤ ነገር ግን ፈረንሳውያን ሰፋሪዎች በአንድ መዝገብ፣ አፍሪካውያን በሌላ መዝገብ ተለይተው የሚመርጡበት ሥርዓት ነበር። የመምረጥ መብት የተሰጠውም ለጥቂቶች ብቻ ነው። የባንጊው ጳጳስ ካህናቸውን ለውድድር አበረታቱ። በኖቬምበር 1946 ቦጋንዳ አሸነፉና በፈረንሳይ ብሔራዊ ምክር ቤት የተቀመጡ የመጀመሪያው የኡባንጊ ተወላጅ ሆኑ።

ፓሪስ የገቡት የክህነት ልብሳቸውን እንደለበሱ ነበር። ከካቶሊኮች ጋር ቅርበት ያለውን የሕዝባዊ ሪፐብሊካን ንቅናቄ ተቀላቀሉ። በምክር ቤቱ ውስጥ ያነሡት ጉዳይ የሚያውቁት ነው፤ በስም ተሽሮ በተግባር የቀጠለው የግዳጅ ሥራ፣ በግዴታ የሚዘራው ጥጥ፣ ያለ ፍርድ የሚፈጸመው እስራት፣ ጥቁሮች እንዳይገቡባቸው የሚከለከሉት የባንጊ ሲኒማ ቤቶችና ምግብ ቤቶች። አቤቱታቸው በወረቀት ላይ ሰፈረ፤ ሕግ አውጭዎቹ ግን ከኡባንጊ ጫካ እጅግ የራቁ ነበሩ። ቦጋንዳ በጥቂት ዓመታት ውስጥ አንድ ነገር ተገነዘቡ፤ በፓሪስ የሚነገረው ንግግር በሎባዬ ሚዛን ላይ ያለውን ዋጋ አይለውጥም።

ስለዚህ ወደ ገበሬው ተመለሱ። በ1948 ሶኩሎሌ የተባለ የኅብረት ሥራ ማኅበር አቋቋሙ። ዓላማው አምራቹ ምርቱን በጋራ ሰብስቦ ያለ መሐል ነጋዴ እንዲሸጥ፣ ከትርፉም ምግብ፣ ልብስ፣ ቤት፣ ሕክምናና ትምህርት እንዲያገኝ ነበር። ማኅበሩ በገንዘብ ረገድ አልተሳካለትም፤ አሠራሩ ደከመ፣ ዕዳ ከበደው፣ የአስተዳደሩና የነጋዴዎቹ ተቃውሞም አልተለየውም። ሆኖም ከዚያ በፊት ገዥው በሚቆርጠው ዋጋ ብቻ ይሸጥ የነበረ ሰው፣ ምርቱን የሚሸጥበትን ቦታ በራሱ የመምረጥ ተስፋ ለመጀመሪያ ጊዜ አየ።

በሴፕቴምበር 1949 ደግሞ በባንጊ የጥቁር አፍሪካ ማኅበራዊ ዕድገት ንቅናቄን መሠረቱ፤ በአጭሩ ሜሳን ይባላል። የንቅናቄው ዓላማ በአምስት ተግባራት ተጠቃሎ ለመንደርተኛው ይነገር ነበር፤ መመገብ፣ ማልበስ፣ ማከም፣ ማስተማር፣ ማኖሪያ ቤት መስጠት። የአሳቡ ሥር ግን በሳንጎ ቋንቋ በሦስት አጫጭር ቃላት የታሰረው ዞ ክዌ ዞ የተባለው መርሕ ነው፤ ሰው የሆነ ሁሉ ሰው ነው፣ አንዱ ከሌላው አይበልጥም እንደማለት ነው። ሳንጎ በገበያና በወንዝ ዳር ልዩ ልዩ ብሔሮች የሚግባቡበት ቋንቋ በመሆኑ አሳቡ ከመንደር ወደ መንደር ያለ አስተርጓሚ ተሻገረ።

በዚሁ ጊዜ የግል ሕይወታቸውም ተለወጠ። በምክር ቤት ጸሐፊያቸው ከነበሩት ፈረንሳዊት ሚሼል ዡርደን ጋር በፍቅር ወደቁ። ቤተ ክርስቲያን በ1949 መጨረሻ ከክህነት አገደቻቸው፤ በ1950 ተጋቡ። በዚያው ዓመት ከፈረንሳዩ ፓርቲም ወጡ። ቅኝ ገዥዎቹ ልብሰ ክህነቱን ያወለቀ ሰው ከእንግዲህ ተከታይ አያገኝም ብለው ጠብቀው ነበር። ገበሬው ግን አልተለያቸውም።

ጃንዋሪ 1951 ፈተናው መጣ። በሎባዬ በሚገኝ የገበያ ቦታ በኅብረት ሥራ ማኅበሩና በፖርቱጋል ነጋዴዎች መካከል በምርት ግዥ ምክንያት ግጭት ተነሣ። ቦጋንዳ ጣልቃ ሲገቡ ጸጥታ አደፍርሰዋል በሚል ከባለቤታቸው ጋር ተያዙ። ማርች 29 ቀን 1951 ፍርድ ቤቱ በእርሳቸው ላይ የሁለት ወር፣ በባለቤታቸው ላይ የሁለት ሳምንት እስራት ፈረደ። የጠቡ መነሻ በገበያ ላይ የገበሬው ምርት ለማን ይሸጥ የሚል ነበር፤ ፍርዱ ግን አንድን የሕዝብ እንደራሴ በመላ ሀገሪቱ የተበዳዮች ምልክት አደረጋቸው። በዚያው ዓመት ጁን ወር በተካሄደው ምርጫ፣ አስተዳደሩ ሌላ ዕጩ ቢደግፍም፣ ቦጋንዳ እንደገና ተመረጡ።

ቦጋንዳ ግን በተቆጣ ሕዝብ ላይ ተቀምጦ መጋለብን አልመረጡም። በኤፕሪል 1954 መጨረሻ በምዕራብ በምትገኘው በርቤራቲ ከተማ አንድ አፍሪካዊ ምግብ አብሳይና ባለቤቱ ሞተው ተገኙ፤ ተጠርጣሪው አሠሪያቸው የሆነው አውሮፓዊ ነበር። ሕዝቡ ፍርድ ይሰጠን ብሎ ተነሣ፤ ድንጋይ ተወረወረ፤ ደም ፈሰሰ፤ ወታደርም ተላከ። አስተዳደሩ የሚያደርገው ጠፍቶት የጠራው ትናንት ያሰረውን ሰው ነበር። ቦጋንዳ ወደ በርቤራቲ ሄደው በተቆጣው ሕዝብ ፊት ቆሙ፤ ፍትሕ ለነጩም ለጥቁሩም አንድ እንደሚሆን አረጋገጡ፤ ሕዝቡም ተበተነ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ያለ እርሳቸው ግዛቲቱን ማስተዳደር እንደማይቻል ቅኝ ገዥዎቹም አመኑ።

ከ1956 በኋላ ነገሩ ሁሉ ፈጠነ። ፈረንሳይ በአዲስ ሕግ ለአዋቂ ሁሉ የመምረጥ መብት ሰጠች፤ በዘር የተለየውን የምርጫ መዝገብም አስቀረች። ቦጋንዳ በጃንዋሪ 1956 በሰፊ ድምፅ ወደ ፓሪስ ምክር ቤት ተመለሱ፤ በኖቬምበር የባንጊ ከንቲባ ሆነው ተመረጡ። በማርች 1957 በተካሄደው የግዛቲቱ ምክር ቤት ምርጫ ሜሳን ሁሉንም መቀመጫ ወሰደ። በዚያው ዓመት አራቱን የፈረንሳይ ኢኳቶሪያል አፍሪካ ግዛቶች የሚያገናኘው ታላቁ ምክር ቤት ፕሬዚዳንት ሆኑ። በጎማ ምክንያት እናቱን ያጣ ልጅ፣ በአርባ ሰባት ዓመቱ፣ በአንድም ጥይት ሳይታገዝ እዚህ ደረሰ።

ታሪካቸውን ለማወደስ ብቻ የሚያነሡ ሰዎች ከዚህ በኋላ ያለውን ምዕራፍ ይዘሉታል። ቦጋንዳ ከሰፋሪዎች ጋር መጋጨት ሀገር ያፈርሳል ብለው ስለሚያምኑ ከፈረንሳውያን ነጋዴዎች ጋር ተስማምተው ነበር። ከእነዚህ አንዱ ሮዤ ጌሪዮ በግዛቲቱ የመጀመሪያ የአስተዳደር ምክር ቤት ውስጥ ትልቅ ሥልጣን ያዘ። ጌሪዮ የምጣኔ ሀብት ማዳኛ ኮሚቴ አቋቁሞ፣ ገበሬዎች ቡናን የመሳሰሉ ለገበያ የሚቀርቡ ሰብሎችን በብዛት እንዲተክሉ የሚገፋ ዕቅድ አወጣ። በወረቀት ላይ ዕቅዱ ያማረ ነው። በመንደር ግን ከላይ የመጣ ትእዛዝ ሆኖ ታየ፤ ገበሬው የጎማውንና የጥጡን ዘመን አስታወሰና ጀርባውን ሰጠ። ቦጋንዳ ራሳቸው በየገጠሩ ዞረው ቢቀሰቅሱም የለመዱትን አቀባበል አላገኙም። ጌሪዮም በ1958 ከሀገር ውስጥ ሥልጣኑ ተነሥቶ ወደ ፓሪስ ተላከ።

ከዚህ ክስተት የሚገኘው ትምህርት ግልጽ ነው። ቡና መጥፎ ሰብል አይደለም፤ ሎባዬም ለቡና የተመቸ ምድር ነው። ገበሬው የጠላው ተክሉን ሳይሆን ሳይጠየቅ መታዘዙን ነው። የራሱ ሰው ሥልጣን ላይ መውጣቱ ብቻውን ትእዛዙን ወደ ምክክር አልለወጠውም። አንድ ፓርቲ ሁሉንም መቀመጫ በያዘበት ምክር ቤት ውስጥ ደግሞ ዕቅዱ ልክ አይደለም ብሎ በገበሬው ስም የሚከራከር ተቃዋሚ አልነበረም።

በሴፕቴምበር 28 ቀን 1958 ፈረንሳይና ግዛቶቿ አዲስ ሕገ መንግሥት ላይ ሕዝበ ውሳኔ ሰጡ፤ በኡባንጊ ሻሪ ከመቶ ዘጠና ስምንቱ ደገፉ፤ ግዛቲቱም የራስ ገዝ ሀገር የመሆን መብት አገኘች። ቦጋንዳ የሚያልሙት ግን ከዚያ የሰፋ ነበር። ኡባንጊ ሻሪ፣ ቻድ፣ ጋቦንና መካከለኛው ኮንጎ አንድ ሪፐብሊክ እንዲሆኑ፣ ውሎ አድሮም ካሜሩንን፣ የቤልጅየም ኮንጎንና አንጎላን ያቀፈ ኅብረት እንዲመሠረት ይሹ ነበር። ምክንያታቸው ስሜት ብቻ አልነበረም። የኡባንጊ ጥጥና ቡና ከባንጊ በወንዝ ጀልባ ወደ ብራዛቪል፣ ከዚያ በባቡር ወደ ፖይንት ኑዋር ወደብ ይጓዛል። ወደቡ የሌላ ሀገር ከሆነ ወደብ አልባው አምራች በየኬላው እንደሚከፍል ያውቁ ነበር። ጎረቤቶቻቸው ግን አሳቡን አልተቀበሉም፤ በተለይ በሀብት የተሻለችው ጋቦን ገቢዋን ለመካፈል አልወደደችም።

ስለዚህ ዲሴምበር 1 ቀን 1958 የታወጀችው የመካከለኛው አፍሪካ ሪፐብሊክ፣ ለሰፊ ኅብረት የታሰበውን ስም ይዛ፣ የድሮዋን ኡባንጊ ሻሪ ብቻ ሆና ቀረች። ሰንደቅ ዓላማዋም የዚያን ሕልም ምልክት ይዞ ቀርቷል፤ የፈረንሳይ ቀለማት ከአፍሪካውያኑ አረንጓዴና ቢጫ ጋር ተደርድረው፣ ቀዩ መስመር የሰው ልጅ ሁሉ ደም አንድ መሆኑን እያስታወሰ ሁሉንም ያቋርጣቸዋል። የብሔራዊ መዝሙሩን ግጥም የጻፉት ቦጋንዳ ናቸው። አንድነት፣ ክብርና ሥራ የሚለው የሀገሪቱ መሪ ቃልም የዚያ ዘመን ውርስ ነው። በፌብሩዋሪ 1959 የመጀመሪያው ሕገ መንግሥት ጸደቀ፤ ለአዲሱ ምክር ቤት ምርጫም ኤፕሪል 5 ቀን ተቆረጠ።

ቦጋንዳ ምርጫውን አላዩትም። ማርች 29 ቀን 1959፣ በፋሲካ እሑድ፣ ከበርቤራቲ ወደ ባንጊ ይበሩበት የነበረው አውሮፕላን በሎባዬ ደን ላይ ወደቀ፤ ከተሳፋሪዎቹ አንድም አልተረፈም። ያቺ ቀን እስራት ከተፈረደባቸው ልክ ስምንተኛ ዓመቷ ነበረች። ለአርባ ዘጠነኛ የልደት ቀናቸው ስድስት ቀን ቀርቷቸው ነበር። ሥርዓተ ቀብራቸው በባንጊ በሚገኘው የኖትር ዳም ካቴድራል ተከናውኖ በትውልድ መንደራቸው በቦባንጊ አረፉ። ብዙም ሳይቆይ ኤክስፕረስ የተባለው የፈረንሳይ መጽሔት በፍርስራሹ ላይ የፈንጂ ምልክት መገኘቱን ጻፈ። ማንም ግን ለፍርድ አልቀረበም፤ ጥርጣሬውም በሀገሬው ልብ ውስጥ እስከ ዛሬ አለ።

አደጋው የነጠቀው አንድን ሰው ብቻ አልነበረም። ንቅናቄው፣ መንግሥቱ፣ የምክር ቤቱ መቀመጫ ሁሉ በእርሳቸው ስም የተሰበሰበ ነበርና ምሰሶው ሲወድቅ ጣራው ተናጋ። የቅርብ ረዳታቸው አቤል ጉምባ ለጥቂት ሳምንታት በጊዜያዊነት መሩ፤ ከዚያ የአገር ግዛት ሚኒስትር የነበሩትና የቦጋንዳ ዘመድ ነኝ የሚሉት ዳቪድ ዳኮ ሥልጣኑን ያዙ። ኦገስት 13 ቀን 1960 ነጻነት ታወጀ። በወራት ውስጥ የጉምባ ተቃዋሚ ፓርቲ ታገደ፤ በ1962 ሜሳን ብቸኛው ሕጋዊ ፓርቲ ሆነ። ገበሬው ራሱን ነጻ ለማውጣት የመረጠው ድርጅት፣ ሌላ የመምረጥ መብቱን የሚዘጋ ቁልፍ ሆነ።

በ1966 ዋዜማ ሌሊት ኮሎኔል ዣን ቤዴል ቦካሳ በመፈንቅለ መንግሥት ሥልጣን ያዘ። ቦካሳም የዚያችው የቦባንጊ ልጅ፣ የቦጋንዳም ዘመድ ነው። የእርሱም አባት በ1927 በቅኝ ገዥው ሰዎች ተደብድቦ ሞቷል። ከአንድ መንደር የወጡ፣ በአንድ ዓይነት ግፍ ወላጅ ያጡ ሁለት ልጆች ሁለት መንገድ ሄዱ። አንደኛው ከደረሰበት ግፍ ሰው ሁሉ እኩል ነው የሚል አሳብ አወጣ። ሁለተኛው ራሱን ከሰው ሁሉ በላይ አድርጎ በ1977 ዓለምን ባስገረመ ድግስ የንጉሠ ነገሥት ዘውድ ጫነ። በ1979 በፈረንሳይ ጦር እገዛ ከሥልጣን ተወገደ።

ከዚያ በኋላ ያለው ታሪክ የመፈንቅለ መንግሥት ሰንሰለት ነው፤ 1981፣ 2003፣ 2013። በመካከሉ በ1993 በሥልጣን ላይ ያለ መሪ በምርጫ ተሸንፎ ሲወርድ ታየ፤ ያም አልጸናም። በማርች 2013 ሴሌካ የተባለው የአማፂያን ጥምረት ባንጊን ሲይዝ፣ አንቲ ባላካ የተባሉ ታጣቂዎች በአጸፋው ተነሡ። ለዘመናት በአንድ ገበያ የተገበያዩ ሙስሊምና ክርስቲያን ጎረቤታሞች ጎራ ለይተው ተገዳደሉ። በመቶ ሺዎች የሚቆጠር ሰው ተፈናቀለ። የአርብቶ አደሩ ከብት ተነዳ፤ የአርሶ አደሩ ዘርና የእርሻ መሣሪያ ተዘረፈ፤ ማሳ ታጉሎ ከረመ።

በጃንዋሪ 2014 የሽግግር ምክር ቤቱ የባንጊ ከንቲባ የነበሩትን ካትሪን ሳምባ ፓንዛን የሽግግር ፕሬዚዳንት አድርጎ መረጠ፤ ሀገሪቱን የመሩ የመጀመሪያዋ ሴት ናቸው። ከንቲባነታቸው ቦጋንዳ በ1956 የተመረጡበት ያው ወንበር ነበር። በየአውራጃው ሕዝቡ ከተመከረ በኋላ በሜይ 2015 በባንጊ ብሔራዊ ጉባኤ ተካሄደ፤ ታጣቂ ቡድኖች ትጥቅ ለመፍታት ተፈራረሙ። በኖቬምበር 2015 ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት ፍራንሲስ ባንጊ ገብተው የቦጋንዳ አስከሬን የተሸኘበትን ካቴድራል ቅዱስ በር ከፈቱ፤ በማግስቱ ወደ መስጊድ ሄደው ከሙስሊሞች ጋር ተገናኙ። በዲሴምበር ሕዝቡ አዲሱን ሕገ መንግሥት አጸደቀ። የሁለት ዙር ምርጫውን ያሸነፉት ፎስተን አርካንዥ ቱዋዴራ ማርች 30 ቀን 2016፣ የቦጋንዳ መታሰቢያ በዋለ በማግስቱ፣ ቃለ መሐላ ፈጸሙ።

የሕገ መንግሥቱ መግቢያ የሪፐብሊኩ መሥራች ቦጋንዳ ያስተማሩትን ዞ ክዌ ዞን የሀገሪቱ መርሕ አድርጎ ያነሣል። አርቃቂዎቹ ይህን የመረጡበት ምክንያት አያስቸግርም። ቦጋንዳ ካህን የነበሩ ቢሆኑም መርሓቸው ክርስቲያንን ከሙስሊም፣ ገበሬን ከአርብቶ አደር፣ የደኑን ልጅ ከሣር ምድሩ ልጅ አይለይም። ጎራ የለየ ሕዝብ ያለ ቂም ሊጠራው የሚችለው ስም የእርሳቸው ብቻ ነበር።

ሽግግሩ ግን በምርጫ ቀን አላበቃም። በ2019 መንግሥት ከአሥራ አራት ታጣቂ ቡድኖች ጋር አዲስ የሰላም ስምምነት ፈረመ፤ በ2020 መጨረሻ በተካሄደው ምርጫ ዙሪያ ግን ጦርነቱ ዳግም አገረሸ። በ2023 ሌላ ሕገ መንግሥት በሕዝበ ውሳኔ ሲጸድቅ የፕሬዚዳንቱ የሥልጣን ዘመን ገደብ ተነሣ። አንድ ሰው ምን ያህል ጊዜ ይግዛ የሚለው ጥያቄ እንደ 1959ኙ ዘመን ዛሬም ሀገሪቱን ያከራክራል።

የቦጋንዳ ሕይወት ለዚህ ክርክር ሁለት ነገር ያበረክታል። አንደኛው ሠርተው ያሳዩት ነው፤ የምርጫ ድምፅ ትርጉም የሚኖረው ገበሬው በሚዛኑ ፊት እንደ ሰው ሲቆም፣ ምርቱን ለሚወደው ሲሸጥ፣ በማሳው ላይ ሲጠየቅ ነው። ሁለተኛው ሳይሠሩት ያለፉት ነው፤ መሪ ሲወድቅ አብሮ የማይወድቅ ምክር ቤት፣ የሚከራከር ተቃዋሚ፣ ሥልጣንን የሚገድብ ሕግ። የመጀመሪያውን ሕዝቡ ከእርሳቸው ወርሷል። ሁለተኛውን ለማቆም ከቦባንጊው መቃብር ወዲህ ያለው ትውልድ ሁሉ ሲደክም ኖሯል፤ ሥራውም ገና አልተጠናቀቀም።